ራስሽን መርምሪ ሲሉኝ

መጀመሪያ ታይፎይድ ነው አሉኝ። አምቦ ኖሮ ታይፎይድ አለብህ ያልተባለ ሰው ካለ እጁን ያውጣ። ራሱን ያመመው ታይፎይድ፣ ጉልበቱን ያመመው ታይፎይድ፣ እንቅልፍ እምቢ ያለው ታይፎይድ። እኔን ያመመኝ ወገቤን ነበር። ክሊኒክ ሄድኩ፣ ደም ሰጠሁ፣ ኮሪደሩ ላይ ባለው አግዳሚ ወንበር ከሌሎች ሕመምተኞች ጋር ተደርድሬ ጠበቅኩ። ስሜ ሲጠራ ገባሁ። ነጭ ጋወን የለበሰው ወጣት ከወረቀቱ ቀና ሳይል «ታይፎይድና ታይፈስ» አለኝ። ሁለቱንም በአንድ ጊዜ።

«ወገቤስ?» አልኩት።

«እሱም አብሮ ይተውሻል።»

አልተወኝም። ይህን ለመጻፍ የተነሳሁት «እንዴት እስከዚያ ድረስ ዝም አልሽ?» የሚሉኝ ሰዎች ስላስመረሩኝ ነው። ዝም አላልኩም። ስናገር ነው የከረምኩት፤ ያጣሁት የሚሰማኝ ነው። ደግሞም ወገቡን ይዞ ከክሊኒክ ክሊኒክ የሚዞር አንድ ሰው እንኳ ይህን አንብቦ ቶሎ ቢነቃ፣ መንገላታቴ ለአንድ ነገር ዋለ እላለሁ።

ስሜ አስቴር ነው። ከመናኸሪያው ወረድ ብሎ መንፈሳዊ መጻሕፍት የምሸጥባት ጠባብ ሱቅ አለችኝ፤ በአማርኛም በአፋን ኦሮሞም እሸጣለሁ። ባለቤቴ ገመቹ የወረዳ ቢሮ ሠራተኛ ነው። ሕመሙ የጀመረኝ ከአዲስ አበባ የመጣ የመጽሐፍ ካርቶን ከሚኒባስ ላይ ባወረድኩ ሰሞን ነው። ያ ካርቶን ጠላቴ ሆነ። «ወገቤን» ባልኩ ቁጥር «ከባድ አንስተሽ ነው» ይሉኛል፣ ጉዳዩ በዚያው ይዘጋል። እኔም አመንኩ። ከባድ ነገር ያነሳ ሰው ወገቡን ቢያመው ምን ይገርማል? የሚገርመው ወራት እየገፉ ሲሄዱ ሕመሙም አብሮ መግፋቱ ነበር። ብቀመጥ ያመኛል፣ ብተኛ ያመኛል። ሌሊት ላብ ያጠምቀኛል፤ ጠዋት አንሶላው ሊጨመቅ ይደርሳል። ቀሚሶቼ በሙሉ ሰፉኝ። ሱቅ የሚመጡ ሴቶች «አስቱ፣ እንዴት አማረብሽ፣ ምን በልተሽ ነው የቀጠንሽው?» ይሉኝ ነበር።

የታይፎይዱን መድኃኒት ጨርሼ ለውጥ ሳጣ «ጉደር ጎበዝ ባለሙያ አለ» ተባልንና ጉደር ሄድን። እዚያ ደግሞ በአልትራሳውንድ አዩኝና ኩላሊትሽ ውስጥ አሸዋ አለ አሉኝ። ውሃ ጠጪ ተባልኩ። ጠጣሁ። ከሱቅ ወደ ሽንት ቤት ስመላለስ ደንበኛ ቆሞ ይጠብቀኝ ጀመር እንጂ ወገቤ እንደነበረ ነው።

በዚያው ሰሞን የቤተ ክርስቲያናችን ሴቶች ሊጸልዩልኝ ቤት መጡ። አንዷ «ልብና ኩላሊትን የምትመረምር አምላክ ሆይ» ብላ ጀመረች። ዓይኔን ጨፍኜ ሳለ ሳቄ መጣ። በልቤ «ጌታዬ፣ ኩላሊቴስ ተመርምሮ አሸዋ ተገኝቶበታል፤ እስኪ ትንሽ ወደ መሀል ጠጋ ብለህ እይልኝ» አልኩ። ሳቁ ወዲያው ወደ እንባ ተለወጠ። ሴቶቹ መንፈስ የነካኝ መስሏቸው ድምፃቸውን ከፍ አደረጉ።

ከኩላሊቱ በኋላ ጨጓራ ተባልኩ። ከጨጓራው በኋላ ነርቭ ተባልኩና ቀይ የቫይታሚን መርፌ ተወጋሁ። እያንዳንዱ ክሊኒክ የፊተኛውን ውጤት አይቶ ከንፈሩን ይመጥና ከመጀመሪያው ይጀምራል። እንደገና ደም፣ እንደገና ሽንት፣ እንደገና አግዳሚው ወንበር።

እናቴ የምትኖረው ጌዶ ነው። ሃርሜ ነው የምንላት። ስልክ ላይ ድምፄን ስትሰማ አላስችል አላትና መጥታ ወሰደችኝ። ጌዶ አካባቢ ሰው የሚመሰክርለት ወጌሻ አለ፤ የተሰበረ እጅና የወለቀ ትከሻ ሲመልስ የኖረ ነው። በሆዴ አስተኝቶ በቅቤ አሸኝ። ከዚያ ጉልበቱን ወገቤ ላይ አሳርፎ ተጫነኝ። የጮህኩት ጩኸት ለራሴም የሰው አልመሰለኝም። ሃርሜ እጄን ይዛ «ቻይ፣ ኢንታላ ኮ፣ ቻይ ልጄ፣ ሊያልቅ ነው» ትለኛለች።

አምቦ ከተመለስኩ ብዙም ሳልቆይ ግራ እግሬ መጎተት ጀመረ። ነጠላ ጫማዬ መንገድ ላይ ወልቆ ሲቀር አይታወቀኝም፤ ሰው ነው አንስቶ የሚያቀብለኝ። ከዚያ ቀኙም ተከተለ። ግድግዳ ካልያዝኩ መቆም አቃተኝ። ገመቹ ያን ቀን ስልኩን አንስቶ ለእናቴ ደወለና «ልጅዎን ይዘው ሄደው አሰበሯት!» አላት። አማቱን በዚያ ድምፅ ሲያናግር ሰምቼው አላውቅም። ሃርሜ ስልኩን ዘጋችበት። ከዚያ ወዲያ አልመጣችም፣ አልደወለችም። እኔ ስደውል እህቴ ታነሳና «ደጅ ናት» ትለኛለች። ሁልጊዜ ደጅ ናት። በአንድ ወገን ባሌ ያኮርፋል፣ በሌላ ወገን እናቴ ታኮርፋለች፤ እኔ መሀል ላይ እግሮቼን አጥቼ ተኝቻለሁ።

አልጋ ላይ ስውል መጻሕፍቱ መምጣት ጀመሩ። ሰው ሕመምተኛ ሊጠይቅ ሲሄድ ብርቱካን ይይዛል። ለእኔ ግን መጽሐፍ ሻጭ ናት ተብሎ መጽሐፍ ሆነ። ከየት ይገዙታል? ከገዛ ሱቄ! ገመቹ ከሥራ መልስ ሱቁን ይከፍታል፣ ይሸጥላቸዋል፣ እነሱ ደግሞ ይዘውት ቤቴ ይመጣሉ። አንዱን መጽሐፍ የተለያዩ ሰዎች ደጋግመው አመጡልኝ።

«ገሜ፣ እባክህ ይህን እንኳ አላት ብለህ ከልክላቸው» አልኩት።

«ደንበኛን እንዴት አልሸጥልህም እላለሁ?» አለኝ።

መጻሕፍቱ ሁሉ የሚሉት አንድ ነገር ነበር፤ እግዚአብሔር ያውቅሻል። ሳትናገሪ ያውቃል፣ የተሰወረውን ያያል፣ ከእሱ የተደበቀ የለም። አንዱ ደራሲ እግዚአብሔር ካወቀ በቃ፣ ለምን ብሎ መጠየቅ አለማመን ነው ይላል። ሌላው ሕመምን እግዚአብሔር የተሰወረ ኃጢአታችንን የሚያሳይበት መብራት አድርጎታል። ያንን ሳነብ መጽሐፉን ወረወርኩት፤ ሩቅ አልሄደም፣ ጉልበት አልነበረኝም። መጽሐፉን ሙሉ ስለ ሕመምተኛ ሲጽፍ አንዴም እንኳ «ሐኪምህ ምን አለህ?» ብሎ አይጠይቅም። አንዲት ስስ መጽሐፍ ብቻ አላበሳጨችኝም። ጸሐፊዋ ልጇን የቀበረች ሴት ናት። እግዚአብሔር እንደሚያውቃት ታምናለች፤ ያን ጊዜ ለምን ዝም እንዳላት ግን አላወቀችም፣ አውቃለሁም አትልም። እሷን ደግሜ አነበብኳት።

እኔም እንዲሁ እጸልይ ነበር። «የምታውቀኝ ከሆነ ለምን ለአንዱ ሐኪም አትነግረውም?» እለዋለሁ። ጸሎት ይባል እንደሆነ እንጃ፤ ጭቅጭቅ ነበር።

ከጠያቂዎቼ ሁሉ ያደከሙኝ ኦቦ ተሰማ ናቸው። ኦቦ ተሰማ ጡረታ የወጡ የትምህርት ቤት ዳይሬክተር፣ የቤተ ክርስቲያናችንም ሽማግሌ ናቸው። ይመጣሉ፣ ወንበር ይስባሉ፣ መነጽራቸውን ያደርጋሉ፣ በእስክሪብቶ ያሰመሩበትን ገጽ ከፍተው ለክፍል ተማሪ እንደሚያነብ ሰው ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ያነቡልኛል። ሲጨርሱ መጽሐፉን ይዘጉና «እንግዲህ አስቴር ልጄ፣ ራስሽን መርምሪ» ይላሉ። በመጡ ቁጥር። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ገና አፋቸውን ሲከፍቱ አልቻልኩም።

«ኦቦ ተሰማ፣ ራሴን መርምሬ ጨርሻለሁ! ከልጅነቴ ጀምሬ አንድም ሳላስቀር መርምሬያለሁ። አሁን የቀረው ሌላ ሰው ቢመረምረኝ ነው!»

ገመቹ ከጓዳ ብቅ አለና በድንጋጤ ያየኝ ጀመር። ሽማግሌ ላይ አይጮህም። ኦቦ ተሰማ መነጽራቸውን አወለቁ።

«ሐኪሞቹ አልመረመሩሽም እንዴ?»

«ደሜን አይተዋል። ሽንቴን አይተዋል። ሰገራዬንም አይተዋል።»

«ጀርባሽንስ?»

አሰብኩ። በዚያ ሁሉ ክሊኒክ፣ በዚያ ሁሉ ወራት፣ ጀርባሽን ገለጥ አድርጊና ልየው ያለኝ አንድም ሰው የለም።

«ጀርባዬን ያየው ወጌሻው ብቻ ነው» አልኩ።

«ያ ዋቅ!» አሉ ኦቦ ተሰማ፤ አምላኬ ማለታቸው ነው። ያን ቀን ሌላ ገጽ አላነበቡም። በማግስቱ ጠዋት የሰው መኪና ለምነው በራችን ላይ ቆሙ። ሊፈርዱብኝ የመጡ የሚመስሉኝ ሰው ከገመቹ ጋር ሆነው አንስተው መኪና ውስጥ አስገብተው ሆስፒታል ወሰዱኝ።

ሆስፒታሉ ውስጥ ያየነውን መጠበቅ የጠበቀ ያውቀዋል። ካርድ ለማውጣት ሰልፍ፣ ካርዱ እስኪደርስ ሰልፍ፣ ዶክተሯ ስብሰባ ላይ ናት፣ ዶክተሯ ምሳ ወጥታለች። «አስቴር!» ተብሎ ሲጠራ ሌላ አስቴር ገብታ ወጣች። እኔ ተራዬ ደርሶ ስገባ በእጄ የሰጡኝ የእሷን ካርድ ኖሮ ተረኛዋ ነርስ አነበበችውና «የእርግዝና ክትትል በዚያኛው ሕንፃ ነው» ብላ መለሰችኝ። ገመቹ ግንባሩን በእጁ ያዘ። ኦቦ ተሰማ የካርድ ክፍሉ መስኮት ጋ ሄደው በዳይሬክተር ድምፃቸው «ይህች ልጅ የአባት ስም አላት! የአባት ስም የሚጻፈው ለጌጥ ነው እንዴ?» እያሉ ሲሟገቱ ኮሪደሩ ሁሉ ዞሮ አየን። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ያ ድምፅ ደስ አለኝ።

መቀመጥ እንዳቃተኝ ያየች ከጭልሞ በኩል የመጣች ሴት ጋቢዋን መሬት ላይ አነጠፈችልኝ። እሷም ታማ ነው የመጣችው። «ተኚ፣ ተኚ፣ ተራሽን እኔ እሰማልሻለሁ» አለችኝ። ስሟን እንኳ አልጠየቅኳትም።

ዶክተሯ ከእኔ በዕድሜ ታንሳለች። «የት ጋ ነው?» አለችኝ። ወገቤን አልኳት። እጄ ወደ ቦርሳዬ፣ ወደ ውጤቶቹ ክምር ሲሄድ «እሱን ቆይ፤ ዙሪና አሳዪኝ» አለች። ገመቹ ደግፎኝ ዞርኩ። ጣቷን ከአንገቴ ሥር ጀምራ አጥንት በአጥንት ቀስ እያለች ወረደች። መሀል ላይ ስትደርስ ቆመች።

«ይህ እብጠት መቼ ነው የወጣው?»

«የቱ እብጠት?»

እጄን ወደ ኋላ ስባ ጣቴን አስቀመጠችበት። አንድ አጥንት እንደ ጉልበት ወደ ውጭ ገፍቶ ወጥቷል። በገዛ ገላዬ ላይ ያለ ነገር ነው፤ እኔ አላወቅኩትም፣ ገመቹም አላወቀውም። አለቀስኩ። ዶክተሯ ያመመኝ መስሏት እጇን አነሳች። አላመመኝም። የሚያመኝን ቦታ አንድ ሰው በመጨረሻ ስላገኘው ነው።

ራጅ ተነሳሁ። ከዚያ ኤምአርአይ ወደሚባለው፣ የአከርካሪን ውስጥ አጥርቶ ወደሚያሳየው ምርመራ ወደ አዲስ አበባ ላከችኝ። መንገዱ ዛሬ ተከፈተ ነገ ተዘጋ የሚባልበት ጊዜ ስለነበር ለመሄድም መጠበቅ ነበረብን። በየቀኑ መንገዱ እስኪከፈት ስንጠብቅ እግሮቼ ከቀን ወደ ቀን ሲደነዝዙ ይሰማኝ ነበር። ቆንጥጬ እሞክራቸዋለሁ። የማይሰማኝ ቦታ ከትናንቱ ከፍ ብሎ ሳገኘው ለገመቹ አልነግረውም።

ውጤቱን ይዘን ወደ ዶክተሯ ተመለስን፤ የአከርካሪ አጥንት ቲቢ ሆነ።

«ቲቢ? እሷ እኮ አታስልም!» አለ ገመቹ።

ዶክተሯ በትዕግሥት አስረዳችን። ቲቢ ሳንባ ላይ ብቻ አይወጣም፤ አጥንት ውስጥ ገብቶ ከውስጥ ይበላዋል። አጥንቱ ሲደረመስ ከጎኑ ያለውን ወደ እግር የሚወርድ ነርቭ ይጫነዋል። ሳል ላይኖረው ይችላል። ምልክቱ የማይለቅ የጀርባ ሕመም፣ የሌሊት ላብና መክሳት ነው። እንዲህ ያለ አጥንት መታሸት ፈጽሞ የለበትም። ገመቹ ይህን ሲሰማ ጥርሱን ነከሰ።

«እግሮቼ ይመለሳሉ?» አልኳት።

«ቃል አልገባልሽም። ግን ሳይረፍድ የደረስሽ ይመስለኛል» አለችኝ። ይህችን ዓረፍተ ነገር ለወራት ይዤ ተኛሁባት።

ወሬው ከእኛ ቀድሞ ሰፈር ገባ። አክታዬ ተመርምሮ ሳንባዬ ንጹሕ ነው ቢባልም፣ ለሰው የማስተላልፈው ነገር የለም ቢባልም፣ ቲቢ የሚለው ቃል በቂ ነበር። ጠያቂ ጠፋ። ያንን የኃጢአት መብራት የሚለውን መጽሐፍ ያመጣችልኝ ሴት አጥር በር ላይ ቆማ ሌላ መጽሐፍ በገመቹ በኩል ላከችልኝ። ኦቦ ተሰማ ግን መምጣታቸውን አልተዉም። አንድ ቀን የእኔን ብርጭቆ አንስተው ውሃ ሲጠጡ አየሁ፤ አስበውበት ይሁን ረስተው እስከዛሬ አላውቅም። ራስሽን መርምሪም ብለውኝ አያውቁም። አሁን «መድኃኒቱን ዋጥሽ?» ሆነ። እሱም ያሰለቻል፤ ግን ይሻላል።

መድኃኒቱ በጤና ጣቢያ በነፃ ይሰጣል። በባዶ ሆድ የሚዋጥ እፍኝ ክኒን ነው። ሽንቴ እንደ ብርቱካን ጭማቂ ሲቀላ ልጮህ ደርሼ ነበር፤ ለካ ከመድኃኒቱ ነው፣ አስቀድሞ የነገረኝ የለም። ያቅለሸልሸኛል፣ ምግብ ይሸተኛል። ጀርባዬን የሚይዝ ጠንካራ ኮርሴት ታዘዘልኝ። ገመቹ በየጠዋቱ ቢሮ ከመግባቱ በፊት ያስርልኛል፤ የተበሳጨ ቀን ያጠብቀዋል፣ የደከመው ቀን ያላላዋል። እኔም በየቀኑ እወቅሰዋለሁ። አንድ ጠዋት ማሰሪያውን ለቆ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠና «እኔም ደክሞኛል እኮ፣ አስቱ» አለኝ። ከዚያ በፊት አንድም ቀን አላለም። አብረን ተቀመጥን። ያን ቀን ቢሮ አርፍዶ ገባ።

መጀመሪያ የተመለሰልኝ የግራ እግሬ አውራ ጣት ነው። ካልሲ ውስጥ ስትነቃነቅ አይቼ ገመቹን ጠራሁት፤ ሁለታችንም እንደ ሕፃን እያየናት ቆየን። ከዚያ በግድግዳ፣ ከዚያ በምርኩዝ፣ ክረምቱ አልፎ ሱቁን ራሴ ከፈትኩ። ክኒኑን ለመጨረስ ከዓመት ያላነሰ ጊዜ ወሰደ። ተሽሎኛል ብሎ መሀል ላይ ማቋረጥ እንዳለ ሰምቻለሁ። አታቋርጡ። ወገባችሁ በእረፍትም በክኒንም አልለቅ ካለ፣ ላብና መክሳት ከተጨመረበት፣ ሐኪሙ ፊት ዙሩና ጀርባዬን እይልኝ በሉ። አይናፋር አትሁኑ። እስኪያየው ድረስ ወንበሩን አትልቀቁ።

ስለ መጻሕፍቱ የሚጠይቁኝ አሉ። አሁንም እሸጣለሁ። ያንን የመብራቱን መጽሐፍ ግን ዳግም አላስመጣሁትም፤ ሲጠይቁኝ የለም እላለሁ። እግዚአብሔር እንደሚያውቀኝ አምናለሁ፤ ከመታመሜ በፊትም አምን ነበር። እሱ ያውቃል ማለት ግን ሰው መጠየቁን፣ ማየቱን፣ መንካቱን ይተው ማለት አይደለም። ብዙዎቹ መጻሕፍት ይህን አይጽፉም። ለዚህ ነው እኔ የጻፍኩት።

የመጨረሻውን ክኒን ከዋጥኩ በኋላ ወደ ጌዶ ሄድኩ። ገመቹ አብሬሽ ልምጣ አለ፤ ብቻዬን ልሂድ አልኩት። ከሚኒባሱ ወርጄ የእናቴ ደጅ እስክደርስ በእግሬ ሄድኩ። ሃርሜ በረንዳው ላይ ተቀምጣ በቆሎ ትፈለፍላለች። ስታየኝ አልተነሳችም። ፊቴን ሳይሆን እግሮቼን ነበር የምታየው።

«በእግርሽ መጣሽ?»

«በእግሬ መጣሁ፣ ሃርሜ።»

ስልክ ለምን እንደማታነሳ፣ ያን ሁሉ ጊዜ ለምን እንዳልመጣች ልጠይቃት መንገዱን ሙሉ አዘጋጅቼ ነበር። ንዴቴ አፌ ላይ ነበር። እሷ ግን ቀስ ብላ ተነሳች፤ የበቆሎውን ገለባ ከቀሚሷ ላይ አራገፈችና ወደ ቤት ገባች። ተከተልኳት። በሩን ገርበብ አድርጋ «አሳዪኝ» አለችኝ።

ዞሬ ልብሴን ከጀርባዬ ገለጥኩ። የወጣው አጥንት አልተመለሰም፤ አይመለስም ብለውኛል። በቆሎ የሻከረው መዳፏ እዚያ ላይ አረፈ።

«አኒ ሂን ቤክኔ» አለች። አላወቅኩም ማለቷ ነው።

«እኔም አላወቅኩም። ሐኪሞቹም አላወቁም።»

«እኔ እናትሽ ነኝ» አለች።

ያዘጋጀሁት ንግግር ሁሉ ጠፋብኝ። እጇን አላነሳችም፤ እኔም ልብሴን አላወረድኩም።